ወደ ፊልም ቪዥዋል ኢፌክት ሙያ መግቢያ፦ ከመጀመሪያዋ ሾት እስከ መጀመሪያው ውል

ቪዥዋል ኢፌክት ሲባል ለብዙ ሰው ቀድሞ የሚታየው የሚፈርስ ከተማ ወይም በምድር ላይ የሌለ እንስሳ ነው። የባለሙያው የዕለት ሥራ ግን አብዛኛውን ጊዜ ከዚህ እጅግ ያነሰ ነው፤ ተዋናዩን ያንጠለጠለውን ገመድ ማጥፋት፣ በመስኮት መስታወት ላይ የታየውን የቀረጻ ቡድን ነጸብራቅ መፋቅ፣ በደመናማ ቀን የተቀረጸውን ሰማይ ከትናንቱ ፀሐያማ ሰማይ ጋር ማመሳሰል፣ ሠላሳውን ሰው ሦስት ሺህ ማስመሰል። ሥራው ሲያምር ማንም አያስተውለውም፤ ሲበላሽ ደግሞ ምኑ እንደተበላሸ መናገር የማይችል ተመልካች እንኳ አንድ ነገር እንደጎረበጠው ያውቃል። ይህ መመሪያ ሙያውን ከባዶ ለሚጀምር ሰው የተጻፈ ሲሆን፣ የቆመበትም ሐሳብ አንድ ነው፤ በዚህ ሙያ ሰው የሚቀጠረው በሚያውቀው የሶፍትዌር ብዛት ሳይሆን ከእውነተኛ ቀረጻ ጋር አዋሕዶ እስከ መጨረሻው በሠራት ሾት (ሳይቋረጥ በተቀረጸች አንዲት የፊልም ክፍል) ነው። አራተኛው ደረጃ ከሌሎቹ ሁሉ የረዘመውም በዚህ ምክንያት ነው።

ደረጃ 1፦ የሥራውን ሰንሰለት ይወቁ

አንዲት ሾት ከቀረጻ ቦታ ተነሥታ ሲኒማ ቤት እስክትደርስ በብዙ እጆች ታልፋለች። ማችሙቭ የሚሠራው ባለሙያ እውነተኛው ካሜራ የተንቀሳቀሰበትን መንገድ በኮምፒውተር ውስጥ መልሶ ይገነባል፤ ሮቶ የሚሠራው የተዋናዩን ቅርጽ በየፍሬሙ (ፊልሙን በሚሠሩት ቋሚ ምስሎች በእያንዳንዳቸው) ከጀርባው ለይቶ ያወጣል፤ ፔይንት የሚባለው ክፍል የማይፈለገውን ነገር ያጠፋል። ሞዴል ሠሪው ዕቃውን ወይም ፍጥረቱን ይቀርጻል፣ ቴክስቸር ሠሪው ቆዳውን ወይም ዝገቱን ያለብሰዋል፣ ሪገሩ አጥንትና መገጣጠሚያ ይሰጠዋል፣ አኒሜተሩ ያንቀሳቅሰዋል። ኤፍኤክስ ተብሎ የሚጠራው ክፍል ጭሱን፣ ውሃውን፣ እሳቱንና ፍርስራሹን በፊዚክስ ስሌት ያመነጫል። ላይቲንግ ሁሉንም ያበራል፤ በመጨረሻም ኮምፖዚተሩ ከየክፍሉ የመጣውን ከእውነተኛው ቀረጻ ጋር አንድ ምስል ያደርገዋል። ከእነዚህም ጎን መሣሪያዎችን በፓይተን የፕሮግራም ቋንቋ የሚጽፉ ቴክኒካል ዳይሬክተሮች፣ የማስረከቢያ ቀናትን የሚከታተሉ ኮኦርዲኔተሮችና በቀረጻ ቦታ ተገኝተው መረጃ የሚሰበስቡ ሠራተኞች አሉ።

በትልልቅ ስቱዲዮዎች አንድ ሰው ከእነዚህ አንዱን ብቻ ይሠራል፤ በትንንሾቹ ግን አምስቱን ሊሠራ ይችላል። በመጀመሪያዎቹ ወራት ሁሉንም በጥቂቱ መቅመስ ተገቢ ነው፤ ከአንድ ዓመት በኋላ ግን አንዱን ካልመረጡ ሥራዎ በየትኛውም ክፍል ኃላፊ ዓይን ያልበሰለ ሆኖ ይታያል።

ደረጃ 2፦ ከኮምፒውተሩ በፊት ዓይንዎን ያሠልጥኑ

ከሙያው ቀደምት መካከል ስሙ ጎልቶ የሚጠራው ፈረንሳዊው ጆርጅ ሜሊየስ ፊልም ከመሥራቱ በፊት የመድረክ ምትሃተኛ ነበር፤ የተመልካች ዓይን የት እንደሚያርፍና ምን እንደሚያልፍ የተማረው ከመድረክ ነው። ለዛሬው ጀማሪ ይህን የምታስተምረው ፎቶ ካሜራ ናት። ነጭ ኳስ በመስኮት አጠገብ ጠረጴዛ ላይ ያስቀምጡና በጠዋት፣ በቀትርና በምሽት ፎቶ ያንሱት። ኳሱ ጠረጴዛውን በሚነካበት ቦታ ላይ ያለችው ቀጭን የጠቆረች መስመር፣ ጥላው ከኳሱ እየራቀ ሲሄድ ጠርዙ እንዴት እንደሚለሰልስ፣ ከጠረጴዛው ቀለም የተወሰነው ወደ ኳሱ ሆድ እንዴት እንደሚወጣ ልብ ይበሉ። ከዚያም ወደ ውጭ ወጥተው ሩቅ ያለን ኮረብታ ይመልከቱ፤ በኮረብታው ላይ ያለው ጥቁር ጥላ ከአጠገብዎ ካለው ጥላ ጋር ሲነጻጸር ጥቁር አይደለም፣ ወደ ሰማያዊ ያደላ ግራጫ ነው። ይህን ያላስተዋለ ሰው ሩቅ የሚቆመውን ግንብ ከቅርቡ ድንጋይ አጥቁሮ ይሠራና ለምን የተለጠፈ እንደሚመስል ግራ ይገባዋል።

ደረጃ 3፦ አንድ ሶፍትዌር ይምረጡና አይቀያይሩ

ብሌንደር ከ2002 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ምንጩ ክፍት የሆነ ነጻ ሶፍትዌር ሲሆን ከሞዴሊንግ እስከ ካሜራ ትራኪንግ (የካሜራን እንቅስቃሴ መከታተል) ያለውን ሁሉ ይዟል። በፊልም ስቱዲዮዎች ለኮምፖዚቲንግ በብዛት የሚሠራበት ኑክ፣ ለኤፍኤክስ ደግሞ ሁዲኒ ነው፤ ሁለቱም ለመማሪያ የሚሆን፣ ገደብ ያለበት ነጻ ቅጂ አላቸው። ማያ በአኒሜሽንና በሪጊንግ ዘርፍ ሥር የሰደደ ነው። ዳቪንቺ ሪዞልቭ ውስጥ ያለው ፊውዥንም ለጀማሪ ኮምፖዚተር በቂ ነው። ምርጫው ብዙ ቀን የሚወስድ ጉዳይ አይደለም፤ ካሜራን መከታተል፣ ብርሃንን ማመሳሰልና ጠርዝን ማለስለስ በአንዱ የተማረ ሰው ወደ ሌላው ሲሻገር በአዲስ መልክ የሚማረው አዝራሮቹ የት እንዳሉ ብቻ ነው። የተሰረቀ ቅጂ ግን አይጠቀሙ፤ የስቱዲዮ ባለቤቶች በዚህ ጉዳይ ቀልድ አያውቁም።

ደረጃ 4፦ አንዲት ሾት ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ይሥሩ

ሾቷ ቀላል ትሁን፤ በእውነተኛ የእንጨት ጠረጴዛ ላይ በኮምፒውተር የተሠራ የብረት ኩባያ ማስቀመጥ። ርዝመቷም ከ4 ሰከንድ አይብለጥ፤ በሰከንድ 24 ፍሬም ሲቆጠር ይህ 96 ፍሬም ነው፣ ለአንድ ሰው ደግሞ ብዙ ነው።

ሲቀርጹ ካሜራው በራሱ የሚወስነውን ሁሉ ይከልክሉት። ፎከሱን፣ የብርሃን መጠኑንና የነጭ ሚዛኑን ይቆልፉ፤ ዙም አያድርጉ፤ ኤሌክትሮኒክ የምስል ማረጋጊያውን ያጥፉ፣ ምክንያቱም ማረጋጊያው እያንዳንዱን ፍሬም በተለያየ መጠን እየቆረጠና እያጣመመ ስለሚያስቀምጥ በኋላ የካሜራውን እንቅስቃሴ መልሶ ለማስላት ያስቸግራል። የሹተሩን ፍጥነት (እያንዳንዱ ፍሬም ብርሃን የሚቀበልበትን ጊዜ) 1/48 ወይም 1/50 ሰከንድ ያድርጉ። ካሜራው ከመሬት ያለውን ከፍታ፣ ከጠረጴዛው ያለውን ርቀት፣ የጠረጴዛውን ርዝመትና ስፋት፣ የሌንሱን የትኩረት ርቀትና የሴንሰሩን ስፋት በወረቀት ይጻፉ። ጠረጴዛው ላይ ምልክት የሚሆኑ ጥቃቅን ነገሮች መኖራቸው ይረዳል፤ ፍጹም ለስላሳ ገጽ ለትራኪንግ የሚይዘው ነገር የለውም።

ቀረጻው እንዳለቀ፣ ብርሃኑ ሳይለወጥ፣ ኩባያው ሊቀመጥ በታሰበበት ቦታ ላይ አንድ ብርሃን የማያንጸባርቅ ግራጫ ኳስና አንድ እንደ መስታወት የሚያንጸባርቅ ኳስ ይዘው ይቅረጹ። ግራጫው የብርሃኑን ቀለምና ልስላሴ ይነግርዎታል፤ የሚያብለጨልጨው ደግሞ ብርሃኑ ከየት አቅጣጫ እንደሚመጣ ያሳያል። የሚያብለጨልጭ ኳስ ያጣ ሰው የአዲስ ጭልፋ ጀርባ ይበቃዋል። ከዚያ ቦታ ላይ ዙሪያውን በተለያየ የብርሃን መጠን ፎቶ አንሥተው አንድ ላይ ካዋሐዷቸው፣ በኮምፒውተር ውስጥ ያለው ኩባያ የክፍሉን እውነተኛ ብርሃን ያገኛል።

ወደ ኮምፒውተሩ ሲመጡ ቪዲዮውን ወደ ተከታታይ የምስል ፋይሎች ይለውጡት። በሙያው የተለመደው ኦፕን ኢኤክስአር ነው፤ ይህ የፋይል ዓይነት ኢንዱስትሪያል ላይት ኤንድ ማጂክ በተባለው የቪዥዋል ኢፌክት ስቱዲዮ ተሠርቶ በ2003 እ.ኤ.አ. ለሕዝብ የተለቀቀ ሲሆን፣ ከነጭ በላይ የሆነን ብርሃን ሳይቆርጥ ይይዛል። የፍሬም ቁጥሩን ከ1001 ይጀምሩ። ነገሩ እንግዳ ቢመስልም ምክንያት አለው፤ ኤዲተሩ በኋላ ከፊት ስምንት ፍሬም ጨምሩልኝ ቢል ቁጥሩ ከዜሮ በታች ሳይወርድ 993 ብሎ ይቀጥላል።

ትራኪንጉን ከጨረሱ በኋላ ሶፍትዌሩ የሚያወጣውን የስሕተት መጠን ያዩታል፤ ከአንድ ፒክስል በታች መሆኑ ጥሩ ምልክት ነው፣ ግን ለቁጥሩ ብቻ አይመኑ። ጠረጴዛው ላይ ግልጽ ቀለም ያለው ትንሽ ሣጥን ያስቀምጡና ሾቷን ደጋግመው ያጫውቱ፤ ሣጥኑ በአንድም ፍሬም ቢንሸራተት ኩባያውም ይንሸራተታል። ይህን ሳያረጋግጡ ወደ ቀጣዩ አይለፉ፤ ማችሙቩ የተበላሸ ሾት በላይቲንግም በኮምፖዚቲንግም አይድንም።

ኩባያውን ሲሠሩ አዲስ አያድርጉት። ከፋብሪካ የወጣ ንጹሕ ብረት በኮምፒውተር የተሠራ መሆኑን ወዲያው ይናገራል። ከንፈር በሚነካበት ጠርዝ ላይ ትንሽ መደብዘዝ፣ በመያዣው አካባቢ የጣት አሻራ፣ በመቀመጫው ላይ ጥቂት ጭረት ይጨምሩ። ላይቲንጉን ሲሠሩ በመጀመሪያ በኩባያው ምትክ ግራጫ ኳስ በኮምፒውተር ሠርተው ከተቀረጸው ግራጫ ኳስ ጎን ያቁሙት፤ ሁለቱ እስኪመሳሰሉ ድረስ ኩባያውን አይመልሱት።

ኮምፖዚቲንጉ ላይ ሲደርሱ ስሌቱ ሁሉ በሊኒየር ብርሃን ይሁን፤ ማለትም የፒክስሉ ቁጥር እጥፍ ሲሆን ብርሃኑም እጥፍ የሚሆንበት አሠራር ነው። አንድን ምስል በሌላው ላይ የማስቀመጫው ቀመር በ1984 እ.ኤ.አ. ቶማስ ፖርተርና ቶም ደፍ ካሳተሙት ጽሑፍ ወዲህ ያው ነው፤ በአልፋ (እያንዳንዱ ፒክስል ከጀርባው ያለውን ምን ያህል እንደሚሸፍን በሚናገረው ቁጥር) የተባዛው የላይኛው ምስል፣ ሲደመር የታችኛው ምስል በአንድ ሲቀነስ አልፋ ተባዝቶ። ጀማሪ በየጊዜው የሚገጥመው በዕቃው ዙሪያ የሚታይ ጥቁር ቀጭን መስመር፣ አብዛኛውን ጊዜ የላይኛው ምስል ሁለት ጊዜ በአልፋ ከመባዛቱ የመጣ ነው። የቀለም እርማት በሚያደርጉበት ጊዜ መጀመሪያ በአልፋ አካፍለው፣ አርመው፣ መልሰው ያባዙ።

ከዚያም የኩባያው ጥቁር ከቀረጻው ጥቁር ጋር፣ የኩባያው ነጭ ከቀረጻው ነጭ ጋር ይመሳሰል። የእውነተኛው ሌንስ ልስላሴ፣ መዛነፍና የእንቅስቃሴ ብዥታ ለኩባያውም ይሰጠው። የመጨረሻው ሥራ ግሬን ነው፤ በየፍሬሙ የሚንቀጠቀጠው ደቃቅ የምስል ብናኝ። ግሬኑን በቀይ፣ በአረንጓዴና በሰማያዊ ቻናል ለየብቻ ተመልክተው ያመሳስሉ፤ በሰማያዊው ቻናል አብዛኛውን ጊዜ ገዘፍ ብሎ ይታያል። ይህን የምለው የራሴን ውርደት አስታውሼ ነው። ጀማሪ ሳለሁ ከአንድ ሾት ላይ ገመድ እንዳጠፋ ተሰጠኝ፤ በራሴ ስክሪን ላይ ገመዱ የነበረበትን ቦታ ልለየው እስከማልችል ድረስ አሳመርኩት። በማግሥቱ በትልቁ ስክሪን ሲጫወት በግድግዳው ላይ አንድ ረጅም ቀጭን ቦታ ቀጥ ብሎ ደርቆ ቆሞ ነበር፤ ዙሪያው ሁሉ በግሬን ሲርመሰመስ እርሱ ብቻ እንደ ሞተ ነገር አይንቀሳቀስም። አንዲት ቆማ የነበረች ምስል ገልብጬ 60 ፍሬም ላይ ስለለጠፍኩ፣ ግሬኑም አብሮ ደርቆ ነበር። በክፍሉ ውስጥ ማንም አልሳቀም፤ ቢስቁ ይሻለኝ ነበር።

ከማስረከብዎ በፊት ሾቷን በሦስት መንገድ ይፈትሹ። ብርሃኑን በጣም ከፍ አድርገው ጥላዎቹን ይዩ፤ በጣም ዝቅ አድርገው የደመቁ ቦታዎችን ይዩ፤ ምስሉን ከግራ ወደ ቀኝ ገልብጠው እንደ አዲስ ሰው ይዩት። በመጨረሻው መንገድ የለመደ ዓይን የጋረደው ስሕተት ብዙ ጊዜ ይገለጣል።

ደረጃ 5፦ በሰው ላይ ይሞክሩ

ቀጣዩ ልምምድ ግሪን ስክሪን ነው፤ ሰውን በአረንጓዴ ጨርቅ ፊት ቀርጾ ጀርባውን በሌላ ምስል መተካት። አረንጓዴ የተመረጠበት አንዱ ምክንያት የዲጂታል ካሜራ ሴንሰር በአብዛኛው ከእያንዳንዱ አራት ብርሃን መቀበያ ነጥቦች ሁለቱን ለአረንጓዴ ስለሚሰጥ፣ ቻናሉ ከሌሎቹ የጠራ በመሆኑ ነው። ጨርቁን እኩል ያብሩ፤ ሰውየውን ከጨርቁ ጥቂት ሜትር ያርቁት፣ አለዚያ አረንጓዴው ወደ ትከሻውና ወደ ፀጉሩ ይረጫል። በአንድ ኪይ (አረንጓዴውን ከሰውየው በሚለይ ቅንብር) ሁሉንም ለመለየት መሞከር የጀማሪ ስሕተት ነው፤ ለሰውነት ጠንካራ፣ ለፀጉር ለስላሳ፣ በፍጥነት ለሚንቀሳቀስ እጅ ደግሞ ሌላ ኪይ ሠርተው ያዋሕዷቸው። የራሳቸው ቀረጻ የማይጥማቸው ሰዎች ብሌንደር ፋውንዴሽን በ2012 እ.ኤ.አ. ከሠራው ክፍት ፊልም ጋር የለቀቀውን ጥሬ ቀረጻ በነጻ አውርደው መለማመድ ይችላሉ።

ደረጃ 6፦ የሚገቡበትን በር ይምረጡ

ለረጅም ዘመን የጀማሪ በር ሮቶ፣ ፔይንትና ማችሙቭ ነበሩ፤ ዛሬም ናቸው፣ ግን በሩ ጠብቧል። አሰልቺው የሮቶ ሥራ በከፊል ወደ ማሽን ለርኒንግ መሣሪያዎች እየተሻገረ ነው፤ ኑክ ራሱ በ2021 እ.ኤ.አ. በጥቂት ፍሬሞች ሠልጥኖ የቀረውን የሚሠራ ኮፒካት የተባለ መሣሪያ ጨምሯል። እኔ ከዚህ የምደርስበት መደምደሚያ ሮቶን አትማሩ የሚል አይደለም። መሣሪያው ያወጣውን ጠርዝ አይቶ ፍሬም 1043 ላይ ጆሮው ተቆርጧል የሚል ዓይን አሁንም ያስፈልጋል፤ ያንን ዓይን ደግሞ በእጁ ሮቶ ያልሠራ ሰው አያገኘውም። ነገር ግን በሮቶ ላይ ብቻ ተቀምጠው ዓመታት አይቁጠሩ፤ በጎን ኮምፖዚቲንግን ወይም ፓይተንን ይማሩ።

ደረጃ 7፦ ሾውሪል ያዘጋጁ

ሾውሪል ማለት የሥራ ናሙና የያዘ አጭር ቪዲዮ ነው። ከሁለት ደቂቃ አይብለጥ፤ ለጀማሪ አንድ ደቂቃም ይበቃል። ምርጡን ሾት መጀመሪያ ያድርጉ፣ ምክንያቱም የሚመለከተው ሰው በአንድ ቀን ብዙ ሪል አይቶ እጁ በማቋረጫው ላይ ነው። አራት ጥሩ ሾቶችና አንድ ደካማ ካለዎት አራቱን ብቻ ያስገቡ፤ ደካማው የሚናገረው ጥሩውን ከመጥፎው መለየት እንደማይችሉ ነው። ከእያንዳንዱ ሾት በኋላ ጥሬው ቀረጻ እንዴት እንደነበረና በየደረጃው ምን እንደተጨመረ ያሳዩ። በቡድን የተሠራ ከሆነ እርስዎ የሠሩት የትኛውን እንደሆነ በግልጽ ይጻፉ፤ ሙያው በዓለም ዙሪያ የተበተነ ይምሰል እንጂ ሰዎቹ ይተዋወቃሉ፣ የሌላውን ሾት የኔ ነው ያለ ሰውም ይታወቃል። በቅጥር የሠሩትን ሾት ፊልሙ ሳይወጣና ስቱዲዮው ሳይፈቅድ አያሳዩ። ሙዚቃው ብዙም ዋጋ የለውም፤ ድምፁን አጥፍተው የሚመለከቱ ብዙ ናቸው።

ደረጃ 8፦ ውሉን ያንብቡ

የፊልም ቪዥዋል ኢፌክት ሥራ ለንደን፣ ቫንኩቨር፣ ሞንትሪያል፣ ዌሊንግተን፣ ሲድኒና ሙምባይን በመሳሰሉ ከተሞች ተከማችቶ ይገኛል፤ በብዙዎቹ ዘንድ ሥራውን የሳበው መንግሥታት ለፊልም ሠሪዎች የሚሰጡት የግብር ማበረታቻ ነው። ማበረታቻው ሲለወጥ ሥራውም ከተማ ይለውጣል፤ ባለሙያውም ሻንጣውን ይዞ ይከተላል። ከዚህም ሌላ ስቱዲዮዎች ብዙውን ጊዜ ሥራውን የሚወስዱት ቁርጥ ባለ ዋጋ ተወዳድረው ነው፤ ዳይሬክተሩ ሐሳቡን አሥር ጊዜ ቢለውጥ ወጪው በአብዛኛው የስቱዲዮው ይሆናል። ሪዝም ኤንድ ሂዩስ የተባለው የሎስ አንጀለስ ስቱዲዮ በየካቲት 2013 እ.ኤ.አ. የኪሳራ ጥበቃ ጠየቀ፤ በዚያው ወር መጨረሻ በሠራው ፊልም የኦስካር የቪዥዋል ኢፌክት ሽልማት ተሸለመ። ሽልማትና ደመወዝ የተለያዩ ነገሮች መሆናቸውን ከዚህ የበለጠ የሚያሳይ አላውቅም።

ስለዚህ ከመፈረምዎ በፊት የሚከተሉትን ይጠይቁ፤ ውሉ ለአንድ ፊልም ነው ወይስ ለተወሰነ ጊዜ፤ ትርፍ ሰዓት ይከፈላል ወይስ በደመወዙ ውስጥ ተጠቃልሏል ይባላል፤ ፊልሙ ቢሰረዝ ከስንት ቀን በፊት ይነገርዎታል፤ ስምዎ በፊልሙ መጨረሻ ላይ ይሰፍራል ወይ። ሀገር ቀይረው የሚሄዱ ከሆነ የመኖሪያ ፈቃድዎ ከአሠሪው ጋር የተያያዘ መሆኑን፣ ሥራው ሲቆም ምን ያህል ጊዜ እንደሚቀርዎት በጽሑፍ ይወቁ። በቃል የተነገረ ትርፍ ሰዓት አልተነገረም። የስድስት ወር ወጪ ተቀማጭ መያዝም የሥራው መሣሪያ ነው ብዬ አምናለሁ።

ደረጃ 9፦ በሥራ ላይ የመጀመሪያዎቹ ሳምንታት

አብዛኛው ስቱዲዮ በየቀኑ ወይም በየጥቂት ቀኑ ሾቶችን በጋራ የሚያይበት ዴይሊስ የሚባል ስብሰባ አለው። ሱፐርቫይዘሩ የሚሰጠው አስተያየት ኖት ይባላል። ኖቱ ሲሰጥ ወዲያው አይከራከሩ፤ እንደተባለው ይጻፉት፣ ካልገባዎት እዚያው ይጠይቁ። «ትንሽ ይክበድ» የሚል ኖት ስለ ፍጥነት፣ ስለ ጥላ ወይም ስለ ቀለም ሊሆን ይችላል፤ ጭሱ ይዘግይ ማለትዎ ነው ወይስ ይጥቆር ብሎ መጠየቅ ሁለት ቀን ያድናል። ያልጨረሱትን ሾት ለማሳየት አይፈሩ፤ ገና ግራጫ ሆኖ ሲታይ የሚታረም የአቅጣጫ ስሕተት፣ ሬንደር ተደርጎ (የመጨረሻው ምስል በኮምፒውተር ተሰልቶ) ሲያልቅ ሲታረም አሥር እጥፍ ያስከፍላል። በየቅጂው ፋይል ላይ ቁጥር ይስጡ፤ «የመጨረሻ» የሚል ስም የተሰጠው ፋይል የመጨረሻ ሆኖ አያውቅም። አዲሱን ቅጂ ሲልኩም ከኖቶቹ የትኛውን እንደሠሩ፣ የትኛውን እንዳልሠሩና ለምን እንዳልሠሩት በሦስት መስመር አብረው ይላኩ፤ ሱፐርቫይዘሩ በዚያች ቀን መቶ ሾት አይቶ የእርስዎን ኖት ረስቶት ሊሆን ይችላል።